ሳይከፈት የሄደው ፌስታል

ነገሩ የሆነው የዛሬ ሦስት ዓመት በዐቢይ ጾም ነው። እስካሁን ለማንም አውርቼው አላውቅም፤ የሚያኮራ ነገር የለውማ! ባለፈው ወር ግን አንዲት ልጅ የምሠራበት ሱቅ ድረስ መጥታ ቀሰቀሰችብኝ። ከዚህ በላይ ከምደብቀው ብጽፈው ይሻላል አልኩ።

ደሴ ሰኞ ገበያ ውስጥ የሴቶች ልብስ ሱቅ ተቀጥሬ እሸጣለሁ። አዲስ ልብስ ሲገባ እኔው ለብሼ ፎቶ እነሣና በሱቁ ቴሌግራም ላይ እለቀዋለሁ። ችግሩ፣ ለፎቶ ብዬ የለበስኩት ልብስ ብዙ ጊዜ "አልወልቅም" ይለኛል። ሻጭ ከሆናችሁ መጀመሪያ የምትሸጡት ለራሳችሁ ነው።

ካቶሊክ ነኝ። ይህን ስናገር "ደሴ ውስጥ ካቶሊክም አለ እንዴ?" የሚለኝ አይጠፋም። አለን። ጥቂት ነን እንጂ አለን። የወጣቶች ማኅበራችን ሁላችንም ተጠራርተን ብንወጣ አንድ ሚኒባስ ይበቃናል። የሚመሩን ሲስተር ምሕረት ናቸው። ከሳቃቸው በቀር ሁሉ ነገራቸው ትንሽ ነው።

የዚያን ዓመት ሲስተር አዲስ ሐሳብ አመጡ። ከሥጋውና ከወተቱ ሌላ "የግዢ ጾም" እንጹም አሉ። እስከ ፋሲካ ድረስ ልብስ የለ፣ ጫማ የለ፣ የስልክ ሽፋን እንኳ የለ። ሁሉም ዞሮ እኔን አየ። "እሷ ከቻለችው እኛማ ምን ያቅተናል!" አለ አንዱ። እኔም ቃል ገባሁ። ግን ጾሙ ከመግባቱ በፊት ባለው ቅዳሜ ሮጥ ብዬ አንድ ሰማያዊ ጃኬት ገዛሁ። ሰው በሥጋ ሲቀበል እኔ በጃኬት ተቀበልኩ።

ሌላም ነበረው። እያንዳንዳችን በጣም የምንወደውን አንድ ልብስ በፌስታል ቋጥረን እንድናመጣ ተባለ። ቋጠሮውን ማንም አይፈታውም፣ ሲስተርም ቢሆኑ። ማን ምን እንደሰጠ ካልታወቀ የሚመጻደቅም የሚያፍርም አይኖርም አሉን። ቢስቲማ የሚኖሩ አንድ ሼህ የተቸገረውን ሰው ቤት ለቤት ያውቃሉ፤ ፌስታሎቹ እሳቸው ጋ ሄደው እንደተቋጠሩ ይከፋፈላሉ።

እኔ ምን ቋጠርኩ? ጃኬቱን? ወይ ፍንክች! አንድ አመድማ አሮጌ ሹራብ ነበረኝ፤ አንዱ ቁልፍ የወለቀ። "ይሞቃል እኮ" ብዬ ራሴን አሳመንኩ። ማሳመን ደግሞ ሥራዬ ነው።

እሑድ ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ስሄድ ሁለት ጥቁር ፌስታል ይዤ ነበር። በአንዱ ሹራቡ አለ። በሌላው ለአንዲት የኮምቦልቻ ሙሽራ የታዘዘ የኒካህ ቀሚስ አለ፤ አረንጓዴ፣ ደረቱ በወርቃማ ክር የተጠለፈ፣ ከነሻሹ። ከአዲስ አበባ ያገኘነው እሱን አንዱን ብቻ ነው። ከቅዳሴ በኋላ በዚያው ወርጄ ላደርሰው ነው። ሁለቱንም ሱቅ ውስጥ፣ በሱቁ ፌስታል፣ በአንድ ዓይነት ቋጠሮ ነበር የቋጠርኳቸው።

ከቅዳሴ ስወጣ አንዱን ፌስታል ከሌሎቹ ጋር አስቀመጥኩ። ሌላውን ይዤ ኮምቦልቻ ወረድኩ።

ኮምቦልቻ ሙቀቱ ሌላ ነው። ጃኬቴን አውልቄ ክንዴ ላይ ጣል አድርጌ የሙሽራዋ ቤት ገባሁ። ቤቱ በአክስትና በጎረቤት ሞልቷል። የሙሽራዋ እናት እትዬ ከድጃ "ቢስሚላህ" ብለው ቋጠሮውን ፈቱና ሹራቤን ብድግ አደረጉት። በዚያ ሙቀት!

እትዬ ከድጃ ሹራቡን አገላብጠው አዩት፣ የወለቀችውን ቁልፍ ቦታ በጣታቸው ነኩ።

"ልጄ፣ ይኼን ለብሳ ነው የምትዳረው?" አሉኝ።

ሙሽራዋ መጀመሪያ ሳቀች። ቀጥሎ ዓይኗ እንባ ሞላ። ኒካሁ ሐሙስ ነው። ረመዳን ሊገባ ነው፣ ቀኑ አይገፋም። ቀሚሱ ካልተገኘ የሷ ሐሙስ ይበላሻል፣ እኔም ከሥራዬ እባረራለሁ። እስከ ማክሰኞ አመጣለሁ ብዬ ማልኩ። እትዬ ከድጃ ሊቆጡኝ አፋቸውን ከፍተው ፊቴን አዩና ተዉት። "አብሽሪ፣ በይ መጀመሪያ ውኃ ጠጪ" አሉኝ።

ደጅ ወጥቼ ለሲስተር ደወልኩ።

"ፌስታሎቹማ ሄደዋል" አሉ። "ሼሁም ይኼኔ ለየቤቱ አድርሰዋል።" ቀጥለውም "ለመሆኑ አንቺ ልትሰጪ የቋጠርሽው ምን ነበር?" ብለው ጠየቁኝ።

"ሹራብ።"

"በጣም የምትወጂው ሹራብ?"

ኔትወርክ የጠፋ አስመስዬ ዘጋሁት።

ሰኞ ማለዳ ሲስተርን ይዤ በሐይቅ በኩል ወደ ቢስቲማ ሄድኩ። መንገዱን ሙሉ የባሰ የባሰውን ሳስብ ነበር። ለብሰው አቆሽሸውት ቢሆንስ? አሳጥረውት ቢሆንስ? ደግሞስ ለሰው የሰጡትን መልሱልኝ የሚባለው በየትኛው አፍ ነው? ሼሁ ከጠየቅናቸው በኋላ "አረንጓዴ ነገር ያየሁት ዘሃራ ቤት ነው" ብለው መንገዱን አሳዩን። ባሏ የሞተባት፣ ከከተማው ወጣ ብሎ ዳገቱ ላይ ከአንድ ልጇ ጋር የምትኖር ሴት ናት።

ስንደርስ ደጇ ላይ ማሾ ታበጥራለች። ገና ሰላምታ ሳንጨርስ ሰፌዱን አስቀመጠች።

"የቀሚሱ ሰዎች ናችሁ አይደል?" አለች። "ትመጣላችሁ ብዬ ነበር።"

ገብታ ፌስታሉን አመጣች። እንደገና ተቋጥሯል፤ እንደኔ ቋጠሮ እንኳ አድርጋ።

"የሱቁ ወረቀት ከነክሩ አለበት" አለች። "በዚያ ላይ የሙሽራ ልብስ ነው። የሰው አማና ነው፣ ባለቤቱ ይመጣል ብዬ አስቀመጥኩት።"

ከኋላዋ ዓይኗ ያበጠ አንዲት ልጅ ብቅ አለች። ሰዓዳ ትባላለች፣ ያኔ አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው። እናትየው ወደ እሷ በአገጭዋ እያመለከተች "ለዘመዷ ሰርግ ካልለበስኩት ብላ ስታለቅስ ነው ያደረችው" አለች። "አንዴ ልበሺውና በጎረቤት ስልክ ፎቶ ተነሺበት አልኳት። ወላሂ፣ ከዚህ በር አልወጣችበትም። አፉ በሉን።"

እኛን ይቅርታ ትጠይቃለች! እኔ የምገባበት ጠፋኝ። እየተንተባተብኩ ለእነሱ የታሰበው ሌላ መሆኑን ተናገርኩና የወለቀችውን ቁልፍ ቦታ በእጄ ሸፍኜ ሹራቡን ሰጠኋት። ዘሃራ ተቀበለችኝ፣ ዘረጋችው፣ አየችው። "አልሐምዱሊላህ፣ ይሞቃል" አለች።

ይሞቃል። እኔም ያልኩት እሱኑ ነበር። ከእሷ አፍ ስሰማው ግን ፊቴ ጋለ። ሳላስበው ሰማያዊውን ጃኬት አውልቄ ለሰዓዳ ዘረጋሁ። ልጅቷ እጇን ልትዘረጋ ስትል እናቷ ጃኬቱን ያዘችው።

"አይሆንም፣ እህቴ። የታሰበልን ሹራቡ ነው፣ ሐቃችን እሱ ነው። ይኼን አፍረሽ ነው የሰጠሽን። አፍሮ የሰጠ ሰው ማታ ይቆጨዋል። ልበሺው፣ እዚህ ነፋስ አለ።"

እንደ ሕፃን እጄን በእጅጌው እያስገባች መልሳ አለበሰችኝ። ቀጥላ ገና ያበጠረችውን ማሾ በፌስታል ቋጥራ ሰጠችን። በመልሱ ሐይቅን ስናልፍ ሲስተር ምሕረት "ማሾውን እኩል ነው የምንካፈለው" ብቻ አሉ።

ቀሚሱ በማግስቱ ኮምቦልቻ ገባ፣ ኒካሁም ሐሙስ ታሰረ። እትዬ ከድጃ እስከ ዛሬ ባገኙኝ ቁጥር "ሹራቡስ ደኅና ነው?" ይሉኛል። ጃኬቱን ግን ከዚያ ወዲህ ሁለት ጊዜ እንኳ አልለበስኩትም። ስለብሰው የዘሃራ እጅ ትዝ ይለኛል። ለሌላ ሰው እንዳልሰጠው ደግሞ አሳሳኝ። እንዲሁ ተሰቅሎ ኖረ።

ባለፈው ወር እንግዲህ አንዲት ወጣት ወደ ሱቁ ገባችና ስልኳን ዘረጋችልኝ። "እንደዚህ ያለ ቀሚስ አላችሁ?" አለችኝ። ልጅቷን አላወቅኋትም። ፎቶው ላይ ያለውን አረንጓዴ ቀሚስ ግን አወቅኩት። የጭቃ ግድግዳ ተደግፋ፣ አገጭዋን ቀና አድርጋ የቆመችው ሰዓዳ ነበረች። ቀና ብዬ ልጅቷን አየሁ፤ ራሷ ናት። እውነት ለመናገር፣ በዚህ ሥራዬ ስንት ልብስ ለብሼ ስንት ፎቶ ተነሥቻለሁ፤ እንደዚያ ያማረብኝ ቀን የለም።

"ላገባ ነው" አለችኝ እየሳቀች። ሦስት ዓመት ሙሉ ፎቶውን ከስልክ ወደ ስልክ ስታሻግር ኖራለች። አቅፌ ሳምኳት። ቀሚሱ ከኔ ስጦታ ይሁን ብላት በፍጹም አለች፤ "እናቴ ከፍለሽ ነው የምትለብሺው ብላኛለች።" አዲስ አበባ አዝዤ በሳምንቱ አንድ ተመሳሳይ አስመጣሁላት። ጥልፉ ትንሽ ይለያል፤ እሷ ግን ያው ራሱ ነው ብላ ድርቅ አለች።

ልትወስደው የመጣች ቀን በጥቁር ፌስታል ቋጠርኩላት። እሷ ወደ መስታወቱ ዞር ስትል ከቀሚሱ ሥር አንድ ነገር ጨመርኩ።

በማግስቱ ከቢስቲማ ተደወለ።

"እህቴ፣ ዘንድሮም ተሳሳትሽ" አለች ሰዓዳ። "ሰማያዊ ጃኬት አብሮ ገብቷል።"

"አልተሳሳትኩም።"

ከኋላ የእናቷ ድምፅ ተሰማኝ፦ "አፍራ እንደሆነ ጠይቂያት!"

"አላፈርኩም፣ ወድጄ ነው በያት" አልኩ።

ከዚያ ዘሃራ ራሷ ስልኩን ተቀበለች። "እንግዲያው ሐቃችን ነው። እሷ ትለብሰዋለች፤ ሹራቡማ የኔ ነው፣ ቁልፍ ተክዬለት ይኸው ለብሼዋለሁ" አለችኝ።

ስልኩን ዘግቼ ሱቁ ውስጥ ብቻዬን ሳቅኩ፣ ትንሽም አለቀስኩ። መግዛት አልተውኩም፤ ባለፈው ሳምንት እንኳ አንድ ጫማ አላስቀምጠኝ ብሎ ገዝቼዋለሁ። ግን ልብስ ገዝቼ የዚያን ቀን ያህል ደስ ብሎኝ አያውቅም። ለሲስተር ምሕረት አልነገርኳቸውም። ቋጠሮ አይፈታም ያሉት እሳቸው ናቸው።