ሳንታ ቴክላን «ሳንታ ተክሌ» አልኳት

ዛሬ ክፍል ፊት ቆሜ አንዲትን ከተማ በወንድሜ ስም ጠራኋት።

ለክፍሉ የማቀርበው የጂኦግራፊ ገለጻ ስለ ሳንታ ቴክላ ነበር። ሳን ሳልቫዶርን የመሬት መንቀጥቀጥ ሲያፈርሳት፣ እዚያው አጠገቧ የተቆረቆረች ከተማ ናት። ስሟ «ቅድስት ቴክላ» ማለት ነው።

እኔ ግን «ሳንታ ተክሌ» አልኩ። ተክሌን የምታውቁት፣ ከቅድስና ጋር ብዙም እንደማይተዋወቅ ታውቃላችሁ።

«ተክሌ ደግሞ ማነው?» አለኝ አንድ ልጅ።

«ታላቅ ወንድሜ። በጥር ሞተ።» ድምፄ አልተንቀጠቀጠም።

ከቀብሩ ወዲህ ቤታችን ስሙ ተነስቶ አያውቅም። ዛሬ ግን ለእማዬ ነገርኳት። ሳቀች።

«ተክልዬ ቢሰማህ እንዴት ባሾፈብህ!»

ስሙን ጠራችው። ቀለለኝ።

እናንተስ ቤት፣ የሞተባችሁን ሰው ስም መጀመሪያ ማን ደፍሮ ጠራው?