«አለ» የሌለበት ተረት

ልጅ ሳለሁ፣ በደርግ ጊዜ፣ መንደራችን ብልባላ ውስጥ፣ ትምህርት ቤታችን ሜዳ ላይ አንድ ቀን ፊልም መጣ። ያኔ እኔ የማውቀው ተረት ብቻ ነበር፤ እሱንም ዓይነ ስውሩ የእናቴ አባት እሳት ዳር ቁጭ ብለው ሲያወሩልን፣ ጭሱ ዓይኔን እየለበለበኝ እንኳ ካጠገባቸው አልነሣም። ተረታቸው ሁሉ በ«አለ» የሚሄድ ነው፤ ጅብ እንዲህ አለ፣ ጦጣም እንዲህ አለች።

እናቴ ያን ሰሞን ተረትም አትሰማም ነበር። ታላቅ ወንድሜ ሲሳይ ከገበያ ታፍሶ ለውትድርና ከተወሰደ መንፈቅ አልፎት ነበር። እሱን የጫነውን የወታደር መኪና፣ ኦራሉን፣ እስከ ወንዙ ድረስ ሮጣ ተከትላ አልደረሰችበትም። ከዚያ ወዲህ አንዲት እንባ አልወጣትም፤ ስሙ ከተነሣ ጥላን ትወጣለች። አያቴ «ይቺ ልጅ ታፍና ትሞትብኛለች» ይሉ ነበር።

ፊልሙ ድምፅ አልነበረውም። አንድ ባለባርኔጣ ሰውዬ አዲስ መኪና ገዝቶ፣ ልጁን ወንበሩ ላይ አስቀምጦ፣ ሞተሩን ከፊት በብረት ሲያሽከረክር፣ መኪናዋ ሆዬ ድንገት ተነሣች! እሱ ዘሎ አመለጠ፤ እሷ ባርኔጣውን ጨፍልቃ፣ ልጁን ይዛ እብስ! ሰዉ በሳቅ ፈነዳ። እኔማ ሆዴን ይዤ መሬት ላይ ወደቅሁ።

ቤት ስገባ አያቴ ፍሙ አጠገብ ናቸው፤ እናቴ ኩራዙ ሥር ጥጥ ትፈትላለች።

«እስቲ ዛሬ ደግሞ አንቺ አውሪልኝ» አሉኝ።

እኔ ደግሞ አላርፍ ብዬ፣ እየሳቅሁ ሁሉንም ዘረገፍሁት። «ከዚያማ አባባ፣ ሰውየው መኪናዋን ተከትሎ ይሮጣል፣ ይወድቃል፣ ተነሥቶ ይሮጣል፣ አፉን እንዲህ ከፍቶ!» ብዬ አፌን ከፍቼ አሳየኋቸው፤ ለማያዩ ሰው!

«ምን አለ?»

«ምንም አላለም።»

«ልጁ ተወስዶበት ምንም አላለም? ‹አለ› የሌለበት ምን ዓይነት ተረት ነው?»

የማወራው ምን እንደሆነ ያኔ ገባኝ። ወደ እናቴ ዞርሁ። ኩራዙ ሥር እንዝርቱ ቆሟል።

«አለ?» አለች እናቴ። አያቴ አላልተው የተናገሩትን ቃል እሷ አጥብቃ ጠየቀችበት። «አባባ፣ ሲሳይ አለ?»

ለጅብም ለጦጣም አፍ የሚሰጡት አያቴ፣ «አላውቅም ልጄ» አሏት። እናቴ እንዝርቱን ጥላ ጉልበታቸው ላይ ተደፋችና ስሙን እየጠራች አለቀሰች።

ሲሳይ አልተመለሰም። በዚያ ሳቄ ብዙ ዓመት አፍሬአለሁ። ግን ዛሬም የምገረመው በአያቴ ነው። ያን ምሽት «አለ» ቢሏት ታምናቸው ነበር፣ እድሜ ልኳንም ደጅ ደጁን እያየች ትቀር ነበር። እሳቸው ግን አልዋሿትም፤ እኔ ዘንድ የቀረው ያ አለመዋሸታቸው ነው።