አምስት የገባበት በረኛ

ቶሮንቶ፣ ፓርክዴል በሚባል ሰፈር የምኖርበት ሕንጻ ሱፐር እንግሊዛዊ ነበር። ቆሻሻ የሚያወርደው፣ ቧንቧ የሚጠግነው፣ መብራት የሚቀይረው እሱ ነው። ዕድሜው ስድሳን ተሻግሯል። አንድ እሑድ ከኳስ ስመለስ ጓንቴን አየና «በረኛ ነህ?» አለኝ። አዎ ስለው «እኔም ነበርኩ። እንግሊዝ አገር፣ አሥራ አንድ ዓመት» አለ።

በሆዴ ሳቅሁበት። ጊዜው የፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ መጀመሪያ ነው። ለእኔ እንግሊዝ አገር ኳስ የተጫወተ ሰው ማለት ግቢው ውስጥ ፈረስ የሚያስር ሀብታም ነበር። ሰው የጣለውን ፍራሽ በደረጃ እየጎተተ ሲያወርድ አይታየኝም። እርግጥ ነው፣ ቶሮንቶ ሁሉም ሰው ድሮ የሆነ ነገር ነበር። ታክሲ የሚነዳው ሐኪም ነበር፣ ፓርኪንግ የሚጠብቀው ሻለቃ ነበር። እኛስ ስደተኞች ነን፣ ብንዋሽም ምክንያት አለን። ነጩ ሰውዬ በገዛ ቋንቋው ምን አስዋሸው? ወሬ ሊያወጣጣኝ ካልሆነ በቀር ምን ቁም ነገር አለው አልኩ።

የሚወጣጣ ወሬ ደግሞ ነበረኝ። ውሉ ላይ ያለው የእኔ ስም ብቻ ቢሆንም ቤት ውስጥ ሁለት ነበርን። ሁለተኛው ሰው ጋሼ የምላቸው፣ አገር ቤት የስፖርት አስተማሪ የነበሩ፣ ሃምሳ ዓመት የሞላቸው ሰው ናቸው። የጥገኝነት ጥያቄያቸው ውድቅ ሆኖ፣ ከአገር ውጡ የሚል ደብዳቤ ደርሷቸው፣ እኔ ዘንድ ተደብቀው ነበር። ከተመለሱ እስር ነው የሚጠብቃቸው። እንግሊዙ ስለ እሳቸው ሲጠይቀኝ አንድ ቀን አጎቴ ናቸው፣ ሌላ ቀን እንግዳ ናቸው፣ ሌላ ቀን ደግሞ ለክርስትና የመጡ ናቸው አልኩት። ያደግሁት ጎረቤት ጎረቤቱን ለቀበሌ በሚያሳብቅበት ዘመን ነው። ለእያንዳንዱ ጠያቂ የየራሱን መልስ መስጠት ሳናውቀው የለመድነው ነገር ነው። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይባላል፤ እኔ ለመመንጠር ዝግጁ አልነበርኩም።

ሰውየው እሑድ እሑድ እኛ ወደምንጫወትበት መናፈሻ መምጣት ጀመረ። ካፖርቱን ለብሶ ከጎሌ ጀርባ ይቆማል። «አንድ እርምጃ ወደ ግራ» ይለኛል። እልህ ይዞኝ ካለሁበት ንቅንቅ አልልም። ኳሷም በግራዬ ትገባለች። እንዲያም ሆኖ አላመንኩትም።

ይልቅስ መመርመር ጀመርኩ። ዛሬ የጠየቅሁትን ከወር በኋላ መልሼ እጠይቀዋለሁ፣ መልሱን አስተያያለሁ። አንድም ጊዜ አልተዛነፈም። ሦስት ክለብ፣ ሁሉም በአራተኛ ዲቪዚዮን። በጋ በጋ ግንበኞች ዘንድ ጡብ ይሸከም ነበር። ኳስ የሚይዘው በባዶ እጁ ነው፣ ሲዘንብ ብቻ ሚስቱ የሠራችለትን የሱፍ ጓንት ያደርጋል። አንደኛው ሜዳ ተዳፋት ስለነበር በሁለተኛው አጋማሽ ባላጋራ ከላይ እየተንደረደረ ይመጣበታል። ተመልካቹ ጥቂት ከመሆኑ የተነሳ ከጀርባው የሚሰድበው ሥጋ ሻጩ ይሁን ፀጉር ቆራጩ በድምፁ ይለያል። አንድ ጊዜ በዋንጫ ጨዋታ ዕጣ ትልቅ ቡድን ደረሳቸው፣ ከተማው ሱቁን ዘግቶ ወጣ። «አምስት ገባብኝ» አለኝ፤ «ስድስተኛውን ግን አዳንኩት።» ይህን ሲል ዋንጫ የበላ ይመስል ደረቱን ይነፋል።

ለጋሼ ስነግራቸው ከት ብለው ሳቁ።

«አየህ? ውሸታም ቢሆን አምስት ገባብኝ ይል ነበር?»

«ጋሼ፣ የሠለጠነ ጆሮ ጠቢ እኮ እንዲህ ነው የሚያዋዛው።»

«እኔ ልብስ ላጥብ ላውንደሪ ስወርድ እጁን ይዤ አይቼዋለሁ። ሦስት ጣቶቹ ተሰብረው ጠመው ነው የገጠሙት። ይሄ የኳስ ስብራት ነው። ስንት ተማሪ አስተምሬያለሁ፣ አውቀዋለሁ።»

«ላውንደሪ ወርደው አወሩት?» ብዬ ጮህኩባቸው። በታላቅ ሰው ላይ ጮኼ አላውቅም ነበር። ከዚያ ወዲያ ልብሳቸውን እኔ ማጠብ ጀመርኩ፣ እሳቸውም ከቤት መውጣት ተዉ።

ኅዳር ላይ ይመስለኛል፣ ከሥራ ስመለስ እንግሊዙ ከረባት ካሰሩ ሁለት ሰዎች ጋር መግቢያው ላይ ቆሞ ያወራል። አንደኛው ወረቀት ይዟል። እንግሊዙ በእጁ ወደ ላይ ጠቆመ። ዞሬ ወጣሁና ብሉር ጎዳና ድረስ በእግሬ ሄጄ፣ ስመለስ ሰዎቹ የሉም። ጋሼ ሶፋው ላይ ጋዜጣ እያነበቡ ነበር፤ የመጣ ሰው የለም አሉኝ።

«ዛሬውኑ ከዚህ ሙቭ ያደርጋሉ» አልኳቸው። «ኤግሊንተን ዌስት አንድ ያገር ልጅ ከቤቱ ሥር ቤዝመንት አለው።»

«እኔ እዚህ ሰላም ነኝ። ሰውየው ክፉ አይደለም።»

«ጋሼ፣ ሲጠቁም በዓይኔ አይቻለሁ!»

ጋዜጣውን አጣጠፉት። «እንግዲህ አንተ ከፈራህ፣ በኔ ጦስ ጣጣ እንዲያገኝህ አልፈልግም» አሉና ቦርሳቸውን አነሱ። ለእኔ ብለው ነው የሄዱት።

ሦስት ሳምንት አልቆዩም። የኢሚግሬሽን ሰዎች ቀድሞ እዚያ ቤዝመንት ይኖር የነበረ ሌላ ሰው ፍለጋ መጡ፣ የሚፈልጉትን ሲያጡ ያገኙትን ሰው የመኖሪያ ወረቀት ጠየቁ። ማንም አልጠቆመም። ጋሼን በወሩ አውሮፕላን ላይ አሳፈሯቸው። ገና እንደወረዱ ተይዘዋል የሚል ወሬ ደረሰን፤ ከዚያ ድምፃቸው ጠፋ።

እኔ ግን ያኔም እንግሊዙን ነበር የምጠረጥረው። ዱካቸውን ተከትሎ ያስያዛቸው እሱ ነው አልኩ፣ ሰላምታም ከለከልኩት። ክረምቱን በሙሉ ሲያየኝ እጁን ያነሳል፣ እኔ ፊቴን አዞራለሁ። በረዶው ሲቀልጥ አንድ ጠዋት ሊፍት ስጠብቅ አጠገቤ ቆመ።

«አስተማሪው ምነው ጠፉ?» አለኝ። «እነዚያን ሁለት ሰዎች ፈርተው ከሆነ ይመለሱ። ፎቷቸውን ይዘው መጥተው ነበር። አይቻቸው አላውቅም አልኳቸው። ካላመናችሁ ላይ ባዶ ቤቶች አሉ፣ ውጡና ፈትሹ ብላቸው ሰነፉና ሄዱ። ተመልሰው አልመጡም።»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ስለ እሳቸው በጠየቅሁህ ቁጥር ሌላ ነገር ትለኝ ነበር። ብነግርህ የባሰ የምትፈራ መሰለኝ» አለ፣ ያለ ቂም።

ሊፍቱ መጥቶ ተከፈተ፣ ሳልገባ ተዘጋ። በዓለም ላይ እውነቱን ልነግረው የሚገባ አንድ ሰው ቢኖር እሱ ነበር። አፌ ግን እምቢ አለኝ።

«ደህና ናቸው» አልኩት። «ቫንኩቨር ሥራ አግኝተው ሄዱ። ልጆች ኳስ ያሠለጥናሉ።»

ፊቱ በራ። በረኞቹን ማን እንደሚያሠለጥንላቸው ጠየቀኝ። ራሳቸው ናቸው አልኩት። «ጎበዝ» አለ፤ «ስትደውልላቸው ሰላም በልልኝ።»

እሺ አልኩት።