«መርከበኛ ብቻ ነኝ» ያልኩበት ቀን

ሮም ውስጥ የታሰርኩበት ክፍል ግድግዳው እስከ ደረቴ ድረስ አረንጓዴ ቀለም ተቀብቶ ነበር። የበረኪናው ሽታ ዓይን ያቃጥላል። ተርሚኒ ባቡር ጣቢያ አጠገብ ፖሊስ ሰነድ ሲጠይቀኝ በኪሴ የነበረው የመርከበኛ ደብተሬ ብቻ ነው። ዐሥራ አራት ዓመት በንግድ መርከብ ሠርቻለሁ። ከዚያ ባሕሩን ትቼ ፖለቲካ ውስጥ ገባሁ፤ በተቃዋሚ ፓርቲ ስም ለወረዳ ምክር ቤት ተመረጥኩ። የፓርቲ ባልደረቦቼ ሲታሰሩ በአሮጌው ደብተሬ እንደገና መርከብ ላይ ተቀጥሬ ወጣሁ፤ ጣሊያን ስንደርስ ወርጄ ቀረሁ። ወደ አገር ከመለሱኝ የምገባው እነሱ ወዳሉበት እስር ቤት ነበር።

አብሮኝ የታሰረው አዲስ አበባ የተማረ ኤርትራዊ ነው። ምግብ ቤት ሳህን ያጥብ ነበር፤ ፔርሜሶው፣ የመኖሪያ ፈቃዱ ማለት ነው፣ ጊዜው አልፎበት ተያዘ።

«አሎራ፣ እንግዲህ ካፒቴን፣ መርከቡን የት አቆሙት?» አለኝ መርከበኛ እንደነበርኩ ስነግረው።

«ካፒቴን አልነበርኩም።»

«ይሄም ሆቴል አይደለም። ይቀመጡ።»

በሦስተኛው ቀን ጠዋት ለምርመራ ተጠራሁ። አስተርጓሚው ኮት የለበሱ፣ በዕድሜ የሚበልጡኝ ኢትዮጵያዊ ነበሩ። ፖሊሱ አፉን ሳይከፍት እጄን ጨብጠው «ለመሆኑ አገርዎ ወዴት ነው? የማን ልጅ ነዎት?» አሉኝ። የአገር ሰው ለአገር ሰው ሁልጊዜ የሚያቀርበው ጥያቄ ነው። እኔ ግን የኤምባሲ ሰው መሰሉኝ። እናቴ በእኔ ምክንያት ስትጉላላ ታየችኝ።

«መርከበኛ ብቻ ነኝ» አልኩ። «ፖለቲካ አላውቅም። ሥራ ፍለጋ ነው የቀረሁት።»

ፖሊሱ ጻፈ። ወደ ክፍሌ ተመልሼ ያልኩትን ለኤርትራዊው ስነግረው ፈገግታው ጠፋ።

«እንዴ ካፒቴን! ሥራ ፍለጋ መጣሁ ያለውን እኮ ነው የሚመልሱት። በገዛ ምላስዎ ቲኬት ቆረጡ!»

ከዚያ ወዲያ ቁልፍ በተንኳኳ ቁጥር ሊመልሱኝ የመጡ እየመሰለኝ ብድግ እል ጀመር። ያስፈራኝ መመለሱ ብቻ አልነበረም። ትምህርት ቤት ብዙ ያልገባሁ ሰው ነኝ፤ ሕዝብ የመረጠኝ ቃሌን አምኖ ነበር። ያን ቃል ለአንድ ሰላምታ ብዬ ጣልኩት።

ከሰዓት በኋላ ወረቀቱን እንድፈርም ጠሩኝ። አስተርጓሚው መስመሩን በጣታቸው እየተከተሉ በአማርኛ አነበቡልኝ። በመርከብ የጉዞ መዝገብ ላይ ስህተት አይፋቅም። የተጻፈው እንዲነበብ ሆኖ በአንድ መስመር ይሠረዛል፣ ትክክሉ ከላዩ ይጻፋል፣ የሠረዘው ሰው ይፈርምበታል። እኔም እስክሪብቶውን ወስጄ «ሥራ ፍለጋ» የሚለውን መስመር ሠረዝኩ፣ ከላዩ እውነቱን በአማርኛ ጻፍኩ፣ ፈረምኩበት። ፖሊሱ ጮኸ።

«ምን እያደረጉ ነው?» አሉ አስተርጓሚው።

«ጠዋት ዋሽቻለሁ። እርስዎን ፈርቼ ነው። የወረዳ ምክር ቤት አባል ነኝ፤ ብመለስ እታሰራለሁ። ይህንኑ ይንገሩልኝ።»

ወረቀቱን ስበው የጻፍኩትን አነበቡ። ያለቀልኝ መሰለኝ። ከዚያ ወደ ፖሊሱ ዞረው ረጅም ነገር ተናገሩ። ጣሊያንኛ አላውቅም ነበር። ቃሌን በትክክል እንዳደረሱልኝ የገባኝ ከሁለት ሳምንት በኋላ ጥገኝነት ጠያቂ ተብዬ ስለቀቅ ነው። ላመሰግናቸው ፈልጌ አላገኘኋቸውም።

ልጆቼን አትዋሹ እያልኩ፣ አንዳንዴም እየተቆጣሁ አሳደግኳቸው። ባለፈው ትልቋ የዚያን ወረቀት ግልባጭ አግኝታ አነበበች።

«ባባ፣ አንተም ዋሽተህ ታውቃለህ?»

«አዎ፣ ፈርቼ።»

«ስታርመውስ አልፈራህም?»

«ያን ጊዜ ይብስ ነበር» አልኳት።