ከቦዩ ወዲህ ወይስ ከቦዩ ወዲያ

ማክሰኞ፣ ሊነጋ ሲል፣ አዲስ አበባ

የሐረሩ አውቶቡስ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ይነሳል ስለተባልኩ ዘጠኝ ተኩል ላይ ከአልጋዬ ወረድኩ። አውቶቡሱ የተንቀሳቀሰው ለአሥራ ሁለት ሩብ ጉዳይ ነው። ለምን እንደዘገየ ረዳቱን ብጠይቀው፣ "አልዘገየም ጋሼ፣ ሰዓቱ ነው" አለኝ። ግራ መጋባት የጀመርኩት እዚያው መስቀል አደባባይ ነው።

የምሄድበትን ጉዳይ ቶሎ ልናገር። የእናቴ ታናሽ እህት፣ እትዬ አስናቀች፣ ሐረር ከተማ ዳር ከሠላሳ ዓመት በላይ ኖራለች። ባሏ ጋሽ ታደሰ መምህር ነበር። እዚያ ተመድቦ ሄደ፣ እዚያው ቀረ፣ የተቀበረውም እዚያው ነው። አሁን በከተማው ዙሪያ ያሉ ቤቶች ሁሉ እየተመዘገቡ ነው፤ የተመዘገበ የይዞታ ማረጋገጫ ያገኛል። ምዝገባው ዓርብ ያበቃል። እትዬ አስናቀችን የሚመዘግብ ቢሮ ግን ጠፋ። የከተማው ወረዳ "እርስዎ የገጠር ነዎት" ይላታል፣ የገጠሩ ቀበሌ ደግሞ "በመዝገባችን የሉም" ይላታል። ዓርብ ካለፈ ሠላሳ ዓመት የኖረችበት ቤት የማንም አይደለም ማለት ነው። ቤተሰቡ መክሮ እኔን ላከ። ሃያ ስድስት ዓመት ጂኦግራፊ ስላስተማርኩ "አንተ ካርታ ታውቃለህ" አሉኝ። እኔም አመንኳቸው።

ማክሰኞ፣ ከሰዓት በኋላ፣ ዓለማያ

መተሐራ ላይ የሐይቁ ውሃ አስፋልቱን ሊነካ ምንም አልቀረው። አሰበ ተፈሪ ምሳ በላን። ከሂርና በኋላ ያለው ጠመዝማዛ የበላሁትን ሊያስመልሰኝ ነበር። ቁልቢን አልፈን ዓለማያ ስንደርስ አጠገቤ የተቀመጡት ጢማቸውን ሂና የተቀቡ ሽማግሌ በመስኮት ወደ ሐይቁ ጠቆሙኝ።

"ይሄ ጠፍቶ ነበር። ከብት እናግጥበት ነበር። ይኸው ተመለሰ።"

"የት ሄዶ ነበር?"

"አላህ ነው የሚያውቀው። እኛ ከቦታችን አልተነሳንም።"

እኔ ደግሞ ይህን ሐይቅ መጀመሪያ "አለ" ብዬ፣ ኋላ "ደርቋል" ብዬ አስተምሬ፣ ተመልሶ ሲመጣ ጡረታ ወጥቻለሁ። ተማሪዎቼን ይቅርታ ልጠይቅ ይገባኝ ይሆን እያልኩ አወዳይ ደረስን። መንገዱን የጫት ገበያው ዘግቶት ግማሽ ሰዓት ቆምን።

ማክሰኞ፣ አሥራ አንድ ሰዓት፣ ሐረር

አክስቴ በስልክ የሰጠችኝ አድራሻ "ከወፍጮ ቤቱ በታች፣ የመምህሩ ቤት በል" የሚል ነው። ለባጃጅ ሹፌሩ ይህንኑ ነገርኩት።

"የትኛው መምህር? እዚያ ሰፈር አቦ፣ ግማሹ መምህር ነበር፣ ግማሹ ወታደር። አሁን ደግሞ ጀጎል ውስጥ ግቢው ጠብቦት የወጣ አለ። መሬቱ ሳያስበው ከተማ የሆነበት ገበሬም አለ። ትናንት መጥቶ የተከራየም አለ።"

"ታዲያ ሰፈሩ ከተማ ነው ገጠር?"

"ላንተ ሁለት መቶ ብር ነው" አለና ሳቀ። "ከተማ ቢሆን መቶ ሃምሳ ነበር።"

የእትዬ ቤት ግራና ቀኝ አጥር አለው፤ ከታችኛዋ ጎረቤቷ ከፈቲያ ጋር ግን ምንም የሚለያቸው የለም። ፈቲያ የኦሮሞ ገበሬ ልጅ ናት፣ ከአክስቴ በአሥራ አምስት ዓመት ታንሳለች። ገና ቦርሳዬን ሳላስቀምጥ የማሽላ ቂጣ ይዛ ገባች። ሁለት ሴት ልጆቿም ደብተራቸውን ይዘው ተከትለዋት ገቡ፤ እነሱ ግን አልተመለሱም። ለካስ የሚያጠኑትም የሚያድሩትም እትዬ ቤት ነው።

"ልጆቹ የማን ናቸው?" ብዬ በሹክሹክታ ጠየቅኳት።

"የቤቱ" አለችኝ እትዬ፣ ሌላ ማብራሪያ ያስፈለገኝ እንዳልመሰላት ሁሉ።

ረቡዕ፣ ረፋድ፣ የወረዳው ጽሕፈት ቤት

ሰው ሁሉ አሁንም "ቀበሌ" የሚለው ቢሮ ስሙ ወረዳ ነው። ይህን ለማወቅ ብቻ ሁለት ቦታ ተሳስቻለሁ። ያስተናገደችን ወጣት ሠራተኛ ትሑት ናት፣ ለእትዬ ወንበር አምጥታ ሰጠቻት። ግድግዳው ላይ ትልቅ ካርታ አለ። ደስ አለኝ፣ በአገሬ ቋንቋ የሚያናግረኝ ያገኘሁ መሰለኝ።

"ወሰናችን የጎርፍ መውረጃው ቦይ ነው" አለች ልጅቷ። "ከቦዩ ወዲህ ከተማ፣ ከቦዩ ወዲያ ገጠር። የእማማ ቤት ከቦዩ ወዲያ ነው።"

የአክስቴን አሮጌ መታወቂያ አወጣሁ። የዚሁ የከተማው ቢሮ ማኅተም አለበት።

"እኔንም ግራ ያጋባኝ እሱ ነው" አለች። "እማማ፣ ቦዩ ድሮም አሁን ባለበት ነበር? ቦታ ቀይሮ ከሆነ ይንገሩኝ፣ በቃለ ጉባኤ እናስተካክለዋለን። እንዲያውም ቦዩ በድንጋይ ሊገነባ ነው፣ በድሮው መስመር ነው የሚሠራው።"

እትዬ ነጠላዋን አስተካከለች። "አላስታውስም ልጄ።"

እትዬ አስናቀች እኮ በሠርጌ ዕለት ማን ስንት ሰዓት አርፍዶ እንደመጣ እስከ ዛሬ በስም የምትጠራ ሴት ናት። ቤቷ ደጃፍ ያለ ቦይ እንዴት ይረሳታል?

"እኔ ቦታውን አይቼ ንድፍ ሠርቼ አመጣለሁ" አልኩ። ልጅቷ አመሰገነችኝ። እትዬ ግን ወንበሩን መልሳ ቀድማኝ ወጣች። አርጅታለች ብዬ አዘንኩ።

ሐሙስ፣ ቀኑን ሙሉ፣ ከቦዩ ጋር

ጠዋት ፈረስ መጋላ አደባባይ ወርጄ መታወቂያውን ፎቶ ኮፒ አስደረግሁ፣ ትልቅ ወረቀትና ማስመሪያም ገዛሁ። ከዚያ ቦዩን ከላይ ጀምሬ ተከተልኩት።

ቦዩ ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ ቀጥ ብሎ ይወርዳል። እትዬ ግቢ ሲቃረብ ግን በድንገት ታጥፎ በላይኛው ጥግ በኩል ይዞራል፤ እጥፋቱ ላይ ትልልቅ ድንጋዮች ተደርድረዋል። ውሃ እንዲህ አይታጠፍም፣ ይህን ለዘጠነኛ ክፍል አስተምሬያለሁ። በእሷና በፈቲያ ቤት መካከል ደግሞ ዝቅ ያለ መሬት አለ፣ ፈቲያ ዱባ ተክላበታለች። ገረመኝ እንጂ አልገባኝም። ቢሆንም ያየሁትን ሁሉ፣ የዱባውን ጎድጓዳ ሳይቀር፣ በንድፉ ላይ አሰፈርኩ።

ማታ ንድፉን ለእትዬ በኩራት አሳየኋት። መነጽሯን አድርጋ ረጅም ጊዜ አየችው።

"ዱባውን ለምን ሳልከው?"

"ያለውን ነገር መተው አይቻልም እትዬ። ነገ ጠዋት ወረዳው ሲያየው ነገሩ ይገባዋል።"

"ይገባዋል" አለች ቀስ ብላ።

ዓርብ፣ ጠዋት

ንድፉ የለም። አልጋ ሥር፣ ቦርሳ ውስጥ፣ ከልጆቹ ደብተር መሃል ፈለግሁ። እትዬ በረንዳው ላይ ተቀምጣ ሻይ ታፈላለች።

"ከሰሉን ለማያያዝ ወረቀት አጥቼ..." አለች።

ልቤ እንደዚያ ቀን ተናዶ አያውቅም። አንድ ሙሉ ቀን መንገድ፣ አንድ ሙሉ ቀን ፀሐይ፣ ሁሉም በሻይ ማንቆርቆሪያ ሥር አመድ ሆነ። "ዛሬ እኮ የመጨረሻው ቀን ነው! ቤትሽ እኮ ነው!" ብዬ ጮህኩባት። በሕይወቴ በእሷ ላይ ድምፄን ከፍ አድርጌ አላውቅም ነበር። ወዲያው አፈርኩ።

አልተቆጣችም። "በል ጠጣና ተነስ" አለች። "ወደ ገጠሩ ቀበሌ ውሰደኝ። ጁምዓ ሳይደርስ።"

ዓርብ፣ አራት ሰዓት፣ የገጠሩ ቀበሌ

ቢሮው አንድ ክፍል ነው። ሊቀመንበሩ ኦቦ ጀማል በእድሜ ከእኔ ብዙም አይርቁም። መዝገቡ ላይ ያልነበረ ሰው ለማስገባት ሦስት ምስክር ያስፈልጋል አሉ። ዞር ብል ፈቲያ ሁለት ጎረቤት አስከትላ በሩ ላይ ቆማለች። ማን እንደጠራት አላውቅም።

"በቤቱ ስንት ሰው አለ?" ብለው ጀመሩ ሊቀመንበሩ።

"ሦስት" አለች እትዬ።

"አንድ ነሽ እንጂ!" አልኩ።

"ሁለቱ ልጆች እሷ ጋ ነው የሚያድሩት" አለች ፈቲያ።

ኦቦ ጀማል መዝገቡን ወደ ኋላ ገለጡ። "ፈቲያ፣ ባንቺ ቤት እኮ ተቆጥረዋል።"

"ምሳቸውን እኔ ጋ ነው የሚበሉት።"

ሊቀመንበሩ እስክሪብቷቸውን አንስተው አሰቡ፣ መልሰው አወረዱት። ልጆቹ በስተመጨረሻ የት እንደተጻፉ አልገባኝም፤ ሁለቱም ጋ ሳይጻፉ አልቀሩም።

"ሥራ?"

"የመምህር ሚስት ነኝ።"

"እሱ ሥራ ተብሎ አይጻፍም እማማ። ምን ተክለዋል?"

"አንድ ብርቱካን። ጤና አዳምም አለኝ።"

"አርሶ አደር" ብለው ጻፉ። ይህች ሴት ዶማ ይዛ አይቻት አላውቅም።

"ከመቼ ጀምሮ ነው በዚህ ቀበሌ ያሉት?"

የመለሰችው ፈቲያ ናት። "ከጎርፉ ጀምሮ።"

ኦቦ ጀማል ቀና ብለው እትዬን አዩአት። እሷም አየቻቸው። ምስክሮቹ ወለል ወለሉን ያያሉ። በዚያ ክፍል ውስጥ ነገሩ ያልገባው እኔ ብቻ እንደነበርኩ ያን ጊዜ አወቅሁ።

"ከድሮ ጀምሮ" ብለው ጻፉ ሊቀመንበሩ። "እኔም ያን ቀን አካፋ ይዤ ነበር" አሉኝና ማኅተሙን መቱ።

ዓርብ፣ ከሰዓት በኋላ፣ በእግር ወደ ቤት

ፈቲያ ቀድማን ሄደች። እትዬ መንገድ ዳር ድንጋይ ላይ ተቀምጣ ነገረችኝ።

"ቦዩ በእኔና በእሷ መካከል ነበር የሚወርደው። እኔ ከተማ፣ እሷ ገጠር። የመጀመሪያዋን በወለደች በሳምንቷ ጎርፉ የጓዳዋን ግድግዳ ወሰደው። ታደሰና የሰፈሩ ሰው ዝናቡ ሳያባራ ቆፍረው ውሃውን በእኔ ግቢ ጥግ አዞሩት። ከዚያ ወዲህ ሁለታችንም አንድ ወገን ነን። ማንም አልጠየቀንም።"

"ታዲያ ለልጅቷ ብትነግሪያት ከተማ ትሆኚ ነበር።"

"ነግሬያት በድሮው መስመር ይገንቡት? በድሮው መስመር ላይ፣ ከዱባው ዝቅ ብሎ፣ አሁን የፈቲያ ጓዳ ነው የተሠራው።"

የዱባውን ጎድጓዳ በጥቁር እስክሪብቶ፣ በማስመሪያ፣ በሚያምር ጽሑፍ መሳሌ ትዝ አለኝ። ወረቀቱን ባታቃጥለው ኖሮ ወስጄ ልሰጥ ነበር፣ ተመስግኜም ልመለስ ነበር።

"የከተማው የውሃ መስመር እኮ ይቀርብሻል" አልኳት፣ ሌላ የምለው ስላጣሁ።

"ይቅራ። ከተማ ሆኜ ከማን ጋር ልኖር ነው?"

ቅዳሜ፣ ሲነጋ

ባጃጁ ከቦዩ ማዶ ይጠብቀኛል። እትዬ ልትሸኘኝ ወጣች፣ የጋሽ ታደሰን አካፋ ተመርኩዛለች። ለእግሯ መደገፊያ ነው ብዬ ነበር። እጥፋቱ ጋ ስንደርስ ቆመች።

"እኔ እስከዚህ ነኝ። ከዚያ ወዲያ ከተማ ነው።"

"ትንሽ አትሸኚኝም?"

"ክረምት ገባ እኮ፤ ሥራ አለኝ።"

ቦዩን ተሻግሬ ዞር ስል ቀሚሷን ወገቧ ላይ አስራ ድንጋዮቹ መሃል ወርዳለች። ደለሉንና ላስቲኩን እየዛቀች፣ ውሃው እንዳይሳሳት መንገዱን ትጠርግለታለች።