የኤሚል ህሩሽካ ማቆሚያ

ኤሚል ህሩሽካ ዕድሜውን ሙሉ የቀለጠ ብረት ሲቀዳ ኖሮ መኪና የገዛው ጡረታ ከወጣ በኋላ ነው። ከዚያ በፊት ምን ያደርግለታል? ፋብሪካው ከቤቱ ሥር፣ ወንዙ ዳር ነበር። መውረጃው ደረጃ ነው። ፒትስበርግ ውስጥ ደረጃም እንደ መንገድ ስም ይወጣለታል። ስሎቫኮቹ ከተዳፋቱ አናት፣ ፖላንዶቹ ከጎን፣ ጀርመኖቹ ከታች፣ እያንዳንዱ በየራሱ ቤተ ክርስቲያን ደወል እየነቃ ወደ አንድ በር ይወርድ ነበር። ማታ ሰማዩ በእቶኑ እሳት ይቀላል። ጠዋት የተሰጣ አንሶላ ጥላሸት ይለብሳል። ሴቶቹ ይሳደባሉ፤ ጥላሸቱ የቀረ ዕለት ደመወዙም እንደሚቀር ስለሚያውቁ ግን ጮክ ብለው አይሳደቡም።

እንደፈሩትም ሆነ። እቶኑ ጠፋ፣ አንሶላው ነጣ፣ ኤሚል ቤት ዋለ። በዚያው ክረምት አንዲት የወይራ ቀለም ያላት አሮጌ መኪና ገዛ። መንዳት የተለማመደው መቃብር ስፍራ ውስጥ ነው፤ እዚያ ማንንም አልገድልም ብሎ።

ለመግዛት ያበቃችው ልጁ ቬሮና ናት። ከከተማው ማዶ፣ ከጣሊያኖቹ ሰፈር ከብሉምፊልድ ባል ልታገባ ነበር። የሙሽራው አጎት ኦረስቴ ቀብር አስፈጻሚ ነው። ረጅሙን ጥቁር መኪናውን ለሙሽሪት በነፃ አቀረበ።

ኤሚል እንቢ አለ። "የኔ ልጅ ቤተ ክርስቲያን የምትገባው ተቀምጣ ነው፤ ተጋድማ አይደለም።"

ኦረስቴ አልተቀየመም። ቢሆንም ሰዓቱ ከረፈደ ራሱ መጥቶ እንደሚወስዳት ነገረው። ኤሚልም በገዛ መኪናዬ አደርሳታለሁ ብሎ በሰፈሩ ሰው ፊት ማለ።

የሠርጉ ዕለት ተዳፋቱ በረዶ ለብሶ ነጋ። ኤሚል ደጁን በአካፋ ጠረገ፣ ቦታውን እንዲጠብቅለት ከማድቤት አንድ ወንበር አውጥቶ አቆመና እህቱ ለሠርጉ የጋገረችውን ኩኪስ ሊያመጣ በመኪናው ሄደ። በጠረግከው ቦታ ላይ ወንበር ካቆምክ ቦታው ያንተ ነው። ይህ የትም አልተጻፈም። ፖሊስ እንኳ የሰው ወንበር አይነካም። የነካ ሰው ጎማው ተንፍሶ ቢያድር ያየ የለም።

ኤሚል ሲመለስ ወንበሩ የለም። በቦታው መደገፊያው የተሰነጠቀ አረንጓዴ ወንበር ቆሟል።

የሌላ ከተማ ሰው ቢሆን ወርዶ ይወረውረዋል። ኤሚል አለፈው። መቆምም አይችልም፤ በዚያ በረዶ ላይ ዳገቱ መሃል የቆመ መኪና ወንዝ ነው የሚገባው። ስለዚህ አናት ድረስ ወጣ፣ በጀርባ ባለው መንገድ ወረደ፣ ዞሮ መጣ። ጎረቤቱ ክላራ ደጇን ስትጠርግ አገኛት።

"ክላራ፣ የማን ወንበር ነው?"

"የኔ አይደለም።"

"አንሺልኛ!"

"ምን በወጣኝ። አንተ አንሳው።"

ይህን ስትል እሱ አልፏል። የብሉምፊልድ እንግዶች የኤሚል ቤት በረንዳ ላይ ወጥተው ያያሉ። አባት ቤቱን መዞሩ የስሎቫኮች የሠርግ ወግ መሰላቸውና ባለፈ ቁጥር ያጨበጭቡ ጀመር። አንዷ ለሙሽሮች የሚበተነውን ሩዝ በተነችበት። ኤሚል ደንግጦ ጥሩምባ ነፋ፤ ጭብጨባው ባሰ።

ይሄኔ ኦረስቴ በረጅሙ መኪናው ከች አለ። ወንበሩን አየ። እሱም የዚህ ከተማ ልጅ ነው፤ አልነካውም። ከኤሚል ኋላ ተሰልፎ መዞር ጀመረ።

ቬሮና ጭብጨባውን ሰምታ በቬሎና በጎማ ቡትስ ወጣች። ጉዳዩን ስታይ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች። አባቷ ሲደርስ ጮኸች።

"አባዬ፣ የኛ ነው! ለእንግዳ መቀመጫ ጠፍቶ እማዬ ያንተን አስገብታ ይሄን ከምድር ቤት አወጣችው።"

ኤሚል መልሱን ይዞ የመጣው በሚቀጥለው ዙር ነው። "አረንጓዴ ወንበር የለንም!"

"ራስህ ነህ የቀባኸው፤ ከፋብሪካ በወሰድከው ቀለም!"

ይህን ሰፈሩ በሙሉ ሰማ። ኤሚል ጆሮው ቀላ። ኦረስቴ ደግሞ መስኮቱን አውርዶ፣ የኔ ልጅ፣ እዚህ ሙቀት አለ፣ ግቢ አላት።

"እናመሰግናለን ጋሼ። የምሄደው ከአባቴ ጋር ነው።"

ተነስታ ወንበሩን በረንዳው ላይ ወረወረችው። ኤሚል በሚቀጥለው ዙር መጥቶ መሪውን ጠመዘዘና ከበረዶ ክምሩ ጋር ተላትሞ ቆመ። ቬሮና ገብታ መቀመጫው ላይ የነበረውን ኩኪስ ታቀፈች። ጎማው በባዶ ሲሽከረከር እንግዶቹ ከኋላ ገፉ፣ ክላራም በአካፋዋ ደግፋ ገፋች፤ መኪናዋ በግማሽ ጎኗ ቁልቁል ተንሸራተተች። ቬሮና በሳቅ ፈረሰች።

ኦረስቴ እንደ ልማዱ መብራቱን አብርቶ በዝግታ ተከተለ። ድልድዩ ላይ ጥቁሩን መኪና ያዩ ሁሉ ቀብር መስሏቸው ባርኔጣቸውን አወለቁ። ከፊት ያለችው ሙሽራ ኩኪስ እየጎረሰች እጇን ታውለበልብላቸዋለች።

ቤተ ክርስቲያኑ ደጃፍ ሙሽራው በብርድ ጠቁሮ ጠበቃቸው። የት ቀራችሁ አለ።

"ማቆሚያ አጥተን ነው" አለ ኤሚል፣ በሩን ለልጁ እየከፈተ።

ሙሽራውም የዚህ ከተማ ልጅ ነው፤ ገባውና ራሱን በአዎንታ ነቀነቀ።