ሆሟን ይጫኑ

የባለቤቴ ቀኝ አውራ ጣት ተንቀሳቀሰ! እንደምን ናችሁ ወዳጆቼ... ይቅርታ፣ ሰላምታው ሳይቀድም ወሬው አመለጠኝ።

ትናንት ከሰዓት በኋላ ነው። እዚሁ አምቦ፣ ሳሎናችን ውስጥ።

ለማታውቁ ልንገራችሁ። ባለቤቴን ቶለሳን ስትሮክ ከመታው ወዲህ አፉ አልተያዘም፣ እንዲያውም ብሶበታል። እግሩም ደህና ነው። ቀኝ እጁ ግን ጭኑ ላይ እንደ ሰው ዕቃ ተቀምጦ ከረመ። ሐኪሙ «ጣቶቹ ካልሠሩ እንዲሁ ይቀራሉ» ብሎ የምትጨመቅ የላስቲክ ኳስ ሰጠው። ስንት ዓመት ጂኦግራፊ ያስተማረ ሰው ኳስ ሲጨምቅ ይታያችሁ... «እኔ ሕፃን ነኝ እንዴ?» ብሎ በግራ እጁ ወረወራት። ብለምነው፣ ብቆጣው፣ ባኮርፈው... ወይ ፍንክች።

ይሄን የሰማው አማቻችን ቢኒያም ነው፣ የልጄ ባል። ባኮ ነው የሚሠራው። የአዲስ አበባ ልጅ ስለሆነ ኦሮምኛ አይችልም፤ ቶለሳ ይህቺን ነገር ከሠርጉ ቀን ጀምሮ በሆዱ ይዟታል። ቢኒያም «ኳስ መጭመቅ ካልፈለገ ኳስ ይጫወታ!» ብሎ የራሱን የጌም ማሽን ጠቅልሎ በአውቶቡስ ላከልን።

ማሽኑን ቲቪው ላይ ሰካሁት፣ እሱ አልከበደኝም። በእጅ የሚያዘው መጫወቻ፣ ጆይስቲኩ ግን ገመድ የለውም። መብራቱ ብልጭ ድርግም፣ ብልጭ ድርግም... ከማሽኑ ጋር አልገናኝም አለ።

ቢኒያም ጋ ደወልኩና ድምፁን ስፒከር ላይ አደረግኩት። ኔትወርኩ እንደ ልማዱ ይቆራረጣል።

«እማዬ... ሆማ... ሌላ... እንዳትነኩ...»

ጥርቅም።

የቶለሳ ፊት በራ። «ሰማሽው? ልጁ ኦሮምኛ ለመደ!»

«ሆማ» በኦሮምኛ «ምንም» ማለት ነው። ምንም አትንኩ፣ ራሱ ይገናኛል ማለቱ ነው ብለን ተስማማን። ጆይስቲኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥነውና እጃችንን ሰብስበን ቁጭ። እኔ ሳስል እንኳ ቶለሳ ተቆጣኝ፣ «ዝም በይ፣ እየተገናኘ ነው» እያለ።

ሩብ ሰዓት ያህል ቆይቶ ቢኒያም ራሱ ደወለ።

«እማዬ፣ እንዴት ሆነ? ምን ነካችሁ?»

«ሆማ!» አልኩት ኮራ ብዬ።

«ሆሟን? ጎበዝ! መብራቱስ ቆመ?»

«ኧረ አልቆመም። ብልጭ ድርግም ይላል።»

«ምናልባት ቶሎ ለቃችኋት ይሆናል። እስቲ አሁንም እሷኑ ድገሟት፣ ትንሽ ቆየት በሉባት።»

እኛም ደገምነው። ማለቴ... ምንም አለማድረጋችንን ደገምነው፣ ቆየት አልንበት። ቶለሳ ጭራሽ ዐይኑን ጨፈነ።

በሦስተኛው ስልክ መስመሩ ጠራ። ቢኒያምም ተጨነቀ።

«እማዬ፣ ትክክለኛዋን ነው የተጫናችሁት? መሃል ላይ ያለችው፣ የቤት ሥዕል ያለባት።»

እኔና ቶለሳ ተያየን። ምንም ደግሞ የቤት ሥዕል አለው እንዴ?

«ሆም እኮ ናት እማዬ! ሆም! የቁልፏ ስም ነው!»

የቶለሳን ፊት ባያችሁ። «እና ኦሮምኛ አልለመደም?» አለ ቀስ ብሎ። ስልኩ ውስጥ ሳቅ የሚያፍን ሰው ይሰማል፤ ልጄ ናት፣ አውቃታለሁ።

ሆሟን ብቻዋን ብጫናት መብራቱ አሁንም እንቢ አለ። ያኔ ቢኒያም ሌላ መላ ነገረን፦ ሆሟንና ኤክሷን አንድ ላይ ተጭኖ ሦስት እስኪቆጠር መያዝ። ሆሟ መሃል፣ ኤክሷ በስተቀኝ። ተጫንኩ። አንዷን ስይዝ ሌላዋን እለቃለሁ፣ ሌላዋን ስይዝ መነጽሬ ይወርዳል።

«አንድ ላይ ነው ያለሽ አስቱ!» አለ ቶለሳ።

«አንድ ላይ እኮ ነው!»

«አይደለም! መጀመሪያ ኤክስን ነው የተጫንሽው፣ አይቼሻለሁ። አሁን ደግሞ ለቀቅሻት! ኧረ አምጪው ወዲህ!»

መነጨቀኝ። በግራው ያዘው፣ የግራው አውራ ጣት ሆሟ ላይ አረፈ። ከዚያ... ያ ጭኑ ላይ የከረመው እጅ ተነሣ። ፈጥኖ አይደለም፣ ቀስ እያለ። ጣቶቹ ጆይስቲኩን ከሥር አቀፉት፣ አውራ ጣቱ ኤክሷን ፈለገ፣ አንዴ ሳታት፣ አገኛት። ተጫናት።

እሱ መብራቱን ነው የሚያየው። እጁን ጨርሶ አላስተዋለም። እኔም ትንፍሽ አላልኩም፣ ከነገርኩት የሚለቀው መሰለኝ።

«ቶኮ... ላማ... ሳዲ...» ብሎ በኦሮምኛ እስከ ሦስት ቆጠረ።

መብራቱ ቆመ።

«ያዘ!» አለ።

«አዎ፣ ያዘ» አልኩ። እሱ ስለ ጆይስቲኩ ነው የሚያወራው።

ከስልኩ ውስጥ ቢኒያም «አባዬ፣ ተገናኘ?» ይላል። መልስ የሚሰጠው የለም፣ ቶለሳ ጨዋታ ጀምሯል። አራት ጎል ገባበት። አንዷን ራሱ በራሱ ላይ ነው ያገባት፤ ያም ሆኖ ዳኛውን ሰደበ።

ዞር ሲል ዐይኔን ስጠርግ አየኝ። «አንቺ ደግሞ ምን ያስለቅስሻል? ጎል የገባብኝ እኔ ነኝ!»

ያኔ ነው እጁን ያሳየሁት። አየው። አገላብጦ አየው። ጣቶቹን አጥፎ ዘረጋ... አንደኛዋ፣ ትንሿ፣ አልታዘዝም አለች። በመጨረሻ «ለልጁ ደውይለት፣ አመስግኚልኝ» አለኝ። ትንሽ ቆየና «ይቅር፣ እኔው ልደውል» ብሎ ስልኩን አነሣ።

ዛሬ ጠዋት ስነቃ ከቲቪው ፊት አገኘሁት። ሐኪሙ የሚለውን ገና አልሰማንም፣ ረጅም መንገድ እንደሚቀረው እኔም አላጣሁትም። ቢሆንም ዝም ብዬ አልቀመጥም። ጎረቤት፣ የመሥሪያ ቤት ሰው፣ የድሮ ተማሪዎቹ፣ ይሄን የምታነቡ በሙሉ ለምስጋና ቤታችን ተጠርታችኋል። በር ላይ ቆሞ የሚቀበላችሁ እሱ ነው፣ የሚዘረጋላችሁም ቀኙን ነው፤ አደራ፣ ጠበቅ አድርጋችሁ እንዳትጨብጡት። እሁድ፣ ከጸሎት ቤት መልስ... ሁላችሁም!